የመሬት ክርክራችን በሽምግልና አልቋል፤ ክሱን ላንሳ ወይስ ስምምነቱ በፍርድ ቤት ይመዝገብ?

ጥያቄ፦
አማራ ክልል ውስጥ በወረዳ ፍርድ ቤት የተያዘ የገጠር መሬት ክርክር ነው። ከሳሽ እኔ፣ ተከሳሹ አዋሳኜ ነው። ያጣላን 2 ጥማድ የሚሆን ማሳ ሲሆን፣ ሽማግሌዎች እኩል እንድንካፈለው አስማምተውናል። በእኔ ድርሻ ላይ እሱ የተከለው ባሕር ዛፍ ስላለ 60,000 ብር እከፍለዋለሁ። ክሱን አንስቼ የሽማግሌዎቹን ወረቀት ብይዝ ይበቃል?

ባለመዝገቡ፦
አይበቃም፤ ክሱን ዝም ብለው አያንሱ። ክሱ ከተነሳ በኋላ አዋሳኝዎ ቃሉን ቢያጥፍ በእጅዎ የሚቀረው ውል ብቻ ነው፤ በውሉ መሠረት አዲስ ክስ ሊከፍቱ ነው። ስምምነቱ በችሎት ቀርቦ «በስምምነቱ መሠረት ተወስኗል» ከተባለ ግን ያለ አዲስ ክስ፣ ውሳኔው እንዲፈጸም የሚጠየቅበትን የአፈጻጸም መዝገብ በቀጥታ ያስከፍታሉ። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ከቁጥር 274 እስከ 277 ያለው ክፍል ስለዚሁ ነው። ስምምነቱ ከችሎት ውጭ ቢደረግም ለፍርድ ቤቱ ማሳወቅ ይቻላል፤ ዳኛው የሚያዩት ከሕግና ከሞራል ጋር እንዳይጋጭ፣ ሁለታችሁም በፈቃዳችሁ መፈረማችሁን ነው።

ቀያሹ፦
ውሉ ላይ የፍርድ ቤቱ ስም፣ የመዝገብ ቁጥሩ፣ የሁለታችሁ ሙሉ ስምና አድራሻ፣ የተስማማችሁበት ጉዳይ ይግባ። ዋናው ጣጣ ግን የመሬቱ አገላለጽ ነው። «ከዋርካው በታች ያለው ለእሱ» ተብሎ የተጻፈ ስምምነት ሊፈጸም ሲል ይቆማል፤ ዋርካው ይቆረጣል፣ ወይም «በታች» የሚለው ሁለት ትርጉም ይይዛል። የወረዳውን መሬት ጽሕፈት ቤት ቀያሽ አስወጥታችሁ የማሳውን ልዩ መለያ ቁጥር፣ ስፋቱን፣ በአራቱም አቅጣጫ ያሉትን አዋሳኞች፣ የመከፋፈያውን መስመር ርዝመት በሜትር አስቀምጡ። ንድፉ ከውሉ ጋር ተያይዞ ሁለታችሁም ፈርሙበት፤ ችካሉንም አስተክሉ።
ጥማድ በየቦታው ይለያያል። ብዙ ጊዜ ሩብ ሄክታር ይባላል እንጂ ለውል አይበቃም፤ በካሬ ሜትር ይጻፍ።

ወሰንተኛ፦
አንድ ልጨምር። በፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 3312 መሠረት ስምምነት በተዋዋዮቹ መካከል ይግባኝ እንደሌለው የመጨረሻ ፍርድ ነው፤ «መብቴን በስሕተት ተረድቼ ነው» ብሎ ማፍረስም አይቻልም። ስለዚህ ልኬቱ ከፊርማው በፊት ይለቅ።
የ60,000 ብሩ አጻጻፍም ያሳስበኛል። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40(3) መሬት አይሸጥም። «መሬቱን በ60,000 ብር ለቀቅሁ» ከተባለ ዳኛው ሽያጭ ነው ብለው ሊመልሱት ይችላሉ። «በማሳው ላይ ለበቀለው ባሕር ዛፍ ግምት» ብላችሁ ጻፉ፤ ዛፉ ለማን እንደሚቀር፣ ገንዘቡ በየትኛው ቀን እንደሚከፈል፣ ቢዘገይ ምን እንደሚሆን ይግለጽ። ማሳው ላይ ቡቃያ ካለም ማን እንደሚያጭደው አይዘለል፤ መተላለፊያ መንገዱና ወጪና ኪሳራውም እንዲሁ።

ጠያቂ፦
እግዜር ይስጥልኝ። የአዋሳኜ ይዞታ ደብተር በእሱና በባለቤቱ ስም ነው፤ እኔ ግን የከሰስኩት እሱን ብቻ ነው። ቀጠሮ ቀን ቀርባ ብትፈርም ይሆናል?

ባለመዝገቡ፦
በደብተሩ ላይ ስሟ ያለ ሰው ከመዝገቡ ውጭ መሆን የለባትም። አሁን በዝምታ ቢታለፍ፣ ቆይታ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 358 የመቃወም አቤቱታ አቅርባ ውሳኔውን ልታናጋው ትችላለች። በዚሁ ሕግ ቁጥር 41 ጣልቃ ገብታ የክርክሩ ተካፋይ እንድትሆን ከቀጠሮው በፊት አቤቱታ ታስገባ፤ ከዚያ ሦስታችሁም በስምምነቱ ላይ ፈርሙ። የእርስዎ ባለቤትም ደብተሩ ላይ ካሉ ያው ነው።
በወኪል የሚፈርም ሰው ካለ ውክልናውን አንብቡት። «በፍርድ ቤት እንዲከራከርልኝ» የሚል ጠቅላላ ቃል አያስታርቅም፤ በፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 2205 ለመታረቅ ልዩ ውክልና ያስፈልጋል፤ ቃሉ በግልጽ ይጻፍ።

ቀያሹ፦
ውሳኔው ከተሰጠ በኋላ ሥራው አላለቀም። ፍርድ ቤቱ የወሰነው ወደ መሬት መዝገቡ በራሱ አይሻገርም። «የወረዳው መሬት ጽሕፈት ቤት በንድፉ መሠረት መዝገቡን እንዲያስተካክል ትዕዛዝ ይጻፍልን» የሚል አንቀጽ በስምምነቱ ውስጥ አስገቡ። የተረጋገጠ የውሳኔ ግልባጭ ከፍርድ ቤቱ ሬጅስትራር (መዝገብ ቤት) አውጡና ሁለታችሁም ደብተራችሁን ይዛችሁ ሂዱ። ማሳው ሲከፈል ድርሻው ከክልሉ አነስተኛ የይዞታ መጠን በታች እንዳይወርድም ከመፈረማችሁ በፊት እዚያው ጠይቁ፤ ከነበራችሁ ማሳ ጋር ተያይዞ የሚመዘገብ ከሆነ ችግሩ ይቀላል።

ወሰንተኛ፦
አዋሳኝዎ ከችካሉ ካለፈ አፈጻጸሙን ያው ፍርድ ቤት ነው የሚጠይቁት። ግን አያዘግዩ፤ ፍርድ ከተሰጠ 10 ዓመት ካለፈ የአፈጻጸም ጥያቄ በይርጋ ይቋረጣል (የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 384)። የ60,000 ብሩንም በባንክ አስገብተው ደረሰኙን ከመዝገቡ ጋር ያስቀምጡ።