ኦገስት 8 አውግስቡርግ ብቻ ለምን ይዘጋል?

አዲስ ገቢ፦
ሰላም ለሁላችሁ። ጀርመን አገር አውግስቡርግ ከተማ ከገባሁ ገና 5 ወሬ ነው። ትናንት ዳቦ ልገዛ ብወጣ ሱቁ ሁሉ ጥርቅም! ሙኒክ ላለችው እህቴ ስደውል "እኔ ሥራ ላይ ነኝ፣ ደግሞ የምን በዓል ነው?" ብላ ሳቀችብኝ። ጎረቤቴ "የሰላም በዓል" አለችኝ። የየትኛው ጦርነት ሰላም ነው? የሂትለሩ?

የድሮ ነዋሪ፦
እንኳን ደህና መጣሽ እህቴ። እኔም በመጀመሪያው ዓመት ባዶ ፍሪጅ ታቅፌ ውያለሁ።

ነገሩ ከሂትለር በጣም ይቀድማል። የካቶሊክና የፕሮቴስታንት ጠብ ነው። ኦገስት 8 ቀን 1629 እዚህ ከተማ የፕሮቴስታንት አምልኮ ተከለከለ፤ ሰባኪዎቹም ከሥራቸው ተባረሩ። በ1632 ፕሮቴስታንቱ የስዊድን ንጉሥ ጉስታቭ አዶልፍ ከተማዋን ያዘ። ያኔ መገፋቱ ለካቶሊኮቹ ደረሳቸው። በ1635 የካቶሊኩ ንጉሠ ነገሥት ወገን መልሶ ያዛት። በ1648 ይህን የሠላሳ ዓመት ጦርነት የቋጨው የዌስትፋሊያ ውል ሲፈረም የከተማዋ ሹመት እኩል ለእኩል ይካፈል ተባለ። የበላይ ሹሞቹ ሁለት ነበሩ፤ አንዱ ካቶሊክ፣ አንዱ ፕሮቴስታንት። ፕሮቴስታንቶቹ በ1650 በዓሉን ማክበር ሲጀምሩ የመረጡት ውሉ የተፈረመበትን ቀን አይደለም፤ አምልኳቸው የተከለከለበትን ነው። እኔን ሁሌ የሚገርመኝ ይሄ ነው።

ማክሲሚሊያን ጎዳና መጨረሻ ድረስ ሂጂ። የቅዱስ ኡልሪሽ ሁለት ቤተ ክርስቲያን ተጣብቆ ታያለሽ። ከፊት ያለው ትንሹ የፕሮቴስታንት፣ ከኋላ የቆመው ግዙፉ የካቶሊክ ነው።

አዲስ ገቢ፦
ውይ ጋሼ፣ በየቀኑ አልፌበት አንድ ሕንፃ መስሎኝ!

ባለሁለት ቆጠራ፦
በቀን መቁጠሪያም ተጣልተዋል እኮ። ጳጳሱ ጎርጎርዮስ 13ኛ በ1582 ቆጠራውን ሲያስተካክል ከኦክቶበር 4 ማግስት 15 ሆነ። የአውግስቡርግ ምክር ቤት በ1583 ተቀበለው። ፕሮቴስታንቶቹ ግን "ጳጳሱ በዓላችንን ሊወስንልን ነው ወይ?" ብለው እምቢ አሉ። በ1584 ዋና ሰባኪያቸው ጊዮርግ ሙለር ከከተማ ሊባረር ሲል ሕዝቡ ግልብጥ ብሎ ወጣ። አብዛኞቹ የጀርመን ፕሮቴስታንት ግዛቶች እስከ 1700 በአሮጌው ቆጠራ ነው የቆዩት። ድንበር ስትሻገሪ 10 ቀን ወደኋላ ትመለሺያለሽ ማለት ነው። ለእኛ ለሐበሾች ብርቅ አይደለም፣ ስልኬ ላይ ሁለት ቆጠራ አለኝ።

አዲስ ገቢ፦
ገባኝ። ለከርሞስ ዳቦ ከየት ላምጣ?

የድሮ ነዋሪ፦
በዓሉ የከተማዋ ወሰን ላይ ያበቃል። ጎረቤት ከተማ ገርስትሆፈን ብቅ በይ፣ እዚያ የሥራ ቀን ነው። ግን በጠዋት ሂጂ፤ ግማሹ አውግስቡርግ እዚያ ነው የሚሰለፈው።