«አናጺነቱን የሰቀለበት ሚስማር» ማለት ምን ማለት ነው? የካርል ፋለንቲን ቃላት በአማርኛ

ነጠላ ሰረዝ፦
ሰላም ለሁላችሁ። ስለ ሙኒኩ ኮሜዲያን ስለ ካርል ፋለንቲን የተጻፈ የጀርመንኛ ጽሑፍ ወደ አማርኛ ሲመለስ ሦስት ቦታ ላይ ይሰናከላል። አንደኛ፣ ሙዚየም ውስጥ የተቀመጠ አንድ ሚስማር አለ፤ መግለጫው «ፋለንቲን የአናጺነት ሙያውን የሰቀለበት ሚስማር» ይላል። ቃል በቃል ባስቀምጠው የአማርኛ አንባቢ ምን ይረዳል? ሁለተኛ፣ ጸሐፊው ኩርት ቱሖልስኪ በ1924 «ሊንክስዴንከር» ብሎታል፤ «ግራ አሳቢ» ልበለው? ሦስተኛ፣ «ካባሬቲስት»ን «ቀልደኛ» ብዬ ባልፈው ያስኬዳል? (ዓመተ ምሕረቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ብራና፦
እህቴ ነጠላ ሰረዝ፣ ከሚስማሩ ልጀምር። ጀርመኖች «ሙያውን ሚስማር ላይ ሰቀለ» ሲሉ እርግፍ አድርጎ ተወው ማለታቸው ነው። እኛም ሩቅ አይደለንም፤ የስፖርት ጋዜጠኞቻችን ከእግር ኳስ የተሰናበተን ተጫዋች «ጫማውን ሰቀለ» ይሉታል። ስለዚህ «ሰቀለ» የሚለውን ግስ እንዳትጥዪው። «አናጺነቱን የሰቀለበት ሚስማር» ካልሽ «ጫማ ሰቀለ»ን የለመደ ጆሮ ወዲያው ይይዘዋል። «ሥራውን ያቆመበት ሚስማር» ካልሽ ግን ፈሊጡም ሚስማሩም ይጠፋሉ።

ሰውየው ደግሞ የእውነት አናጺ ነበር። ሰኔ 4 ቀን 1882 ሙኒክ ውስጥ አው በሚባለው ሰፈር ተወለደ፤ የቤት ስሙ ቫለንቲን ሉድቪሽ ፋይ ነው። አባቱ የሶፋና የወንበር ጨርቅ የሚያለብስ ባለሙያና የዕቃ ማጓጓዣ ድርጅት ባለቤት ነበር። ልጁ አናጺነት ተማረ፤ በ1902 እዚያው ሙኒክ ከአንድ የቫራይቲ (የልዩ ልዩ ትርዒት) ትምህርት ቤት ገባ፤ ኑርንበርግ ሄዶም መድረክ ላይ መውጣት ጀመረ፤ በዚያው ዓመት አባቱ ሲሞት ድርጅቱን ለመያዝ ተመለሰ። ድርጅቱ አልቆመም። ከዚያ በገዛ እጁ ሃያ ያህል የሙዚቃ መሣሪያዎችን አንድ ሰው ብቻውን እንዲጫወታቸው አድርጎ አገጣጥሞ፣ በ1907 «ቻርልስ ፋይ» በሚል ስም ከከተማ ከተማ ዞረ። ሕዝቡ አልተቀበለውም፤ እሱም መሣሪያውን ራሱ ሰባበረው። የታወቀው በቀጣዩ ዓመት ነው፤ ሙኒክ ወደሚገኘው ፍራንክፉርተር ሆፍ ወደተባለው መድረክ ገብቶ ዜማውን ትቶ ንግግሩን ሲይዝ።

አሁን ዋናውን ልናገር። እኛ በሰምና ወርቅ ያደግን ሰዎች ከሰሙ ተነስተን ወርቁን እንቆፍራለን። ፋለንቲን መንገዱን ገልብጦ ይሄዳል። ፈሊጥ ማለት ወርቁ ተለይቶ የታወቀ፣ ሰሙ ግን የተረሳ ንግግር ነው፤ «ሚስማር ላይ ሰቀለ» የሚል ጀርመናዊ ሚስማር አይታየውም። ፋለንቲን ያንን የተረሳ ሰም መልሶ ያወጣዋል፤ «ሚስማሩ የት አለ?» ብሎ ይጠይቅና እነሆ ብሎ ያሳያል። ቀልዱ ከአፍ እስከ ገደፉ የሚሠራው በዚህ ነው።

አራት ነጥብ፦
ጋሼ ብራና ትክክል ብለዋል። ከመቀጠላችን በፊት ስለ ስሙ አጻጻፍ አንድ እርማት ላስገባ፤ «ቫለንቲን» ብለው የሚጽፉ አሉ፤ በእንግሊዝኛው መንገድ «ቫለንታይን» ያደረጉትም አይጠፉም። የመድረክ ስሙ ሲጠራ በ«ፋ» ነው። ጀርመንኛ ያንኑ ፊደል በነባር ቃላት «ፍ»፣ በውጭ ቃላት «ቭ» ብሎ ያነበዋል፤ አባት «ፋተር» ነው፣ የአበባ ማስቀመጫ ግን «ቫዘ»። ስሙ ከላቲን የመጣ ስለሆነ ሌላው ጀርመናዊ በ«ቫ» ሊጠራው ይሞክራል፤ እሱ ግን እንደ ሙኒክ ሰዎች በ«ፋ» እንዲጠራ አጥብቆ ይጠይቅ ነበር።

የመድረክ አጋሩ የሊዝል ካርልሽታት ስምም ታሪክ አለው። የቤት ስሟ ኤሊዛቤት ቬላኖ ነው፤ በ1892 የተወለደች፣ በ1911 የተገናኙ። «ካርልሽታት» የከተማ ስም ይምሰል እንጂ ፋለንቲን ያደንቀው ከነበረው ከዘፋኙና ከቀልደኛው ካርል ማክስሽታት የተቀረጸ ነው። ከሃያ ዓመት በላይ አብረው ሠሩ። የወንድ ገጸ ባሕርያትን አሳምራ ትጫወት ነበር፤ ስሟን «ረዳቱ» በሚል ቃል ማጀብ ደግሞ ከባድ ስሕተት ነው፤ ብዙዎቹን ሥራዎች አብራው ያበጀች ናት።

ሆሄ፦
ወደ «ሊንክስዴንከር» ልምጣ። «ግራ አሳቢ» አትበዪ፤ አንባቢው ወዲያው ወደ «ግራ ዘመም» ይሄድና ሶሻሊስት ያደርገዋል። ቱሖልስኪ የፓርቲ ግራ አይደለም ያለው። ቀኝ እጅ ቀና፣ ግራ እጅ ጠማማ በሚለው በአሮጌው የአካል ስሜት ነው የተናገረው፤ ሐሳቡ በሌላው ሰው በኩል ሳይሆን በተቃራኒው በኩል የሚመጣ ሰው ማለቱ ነው። በዚህ ስሜት አማርኛ ሀብታም ነው። «ግራ ገባኝ» እንላለን፣ «ግራ የተጋባ» እንላለን፣ ተኮሳትሮ ለዋለ ሰው «በግራ ጎኑ ተነሥቷል» እንላለን። ለፋለንቲን የምመርጥለት «ግራ አጋቢ» ነው፤ አሳቢነቱን ማቆየት ካስፈለገ «በግራ በኩል የሚያስብ»። «በ... በኩል» የሚለው ፖለቲካውን ያስወግደዋል።

«ካባሬቲስት»ን ግን «ቀልደኛ» ብለሽ አትለፊው። ጀርመንኛ ሁለት ቃል አለው። በፈረንሳይኛው አጻጻፍ የቀረው «ካባሬ» የጭፈራ የምሽት ቤት ነው፤ በጀርመንኛ ፊደል የተጻፈው «ካባሬት» ደግሞ በጠባብ መድረክ፣ ተመልካቹ ጠረጴዛ ይዞ እየጠጣ፣ ዘመኑንና ሹሙን በንግግርና በዘፈን የሚሸነቁጥ ጥበብ ነው። በርሊን ላይ በ1901 በኤርንስት ፎን ቮልትሶገን ተጀመረ፤ በዚያው ዓመት ሙኒክ ውስጥ «አሥራ አንዱ ሰያፊዎች» የተባለው ቡድን ተከፈተ። ፋለንቲን ከዚህ ምሁራዊ ወገን አልወጣም። እሱ «ፎልክስዜንገር» ነበር፤ ቃል በቃል «የሕዝብ ዘፋኝ»፣ ነገር ግን ቢራ ቤት ውስጥ እየዘፈነና እያወራ የሚያስቅ ማለት ነው። አዝማሪ ብዬ ለመተርጎም እጄ ይፈጥናል፤ ቤቱም፣ መጠጡም፣ ነገር ማዋዛቱም ይመሳሰላል። ግን አዝማሪው ፊቱ ለተቀመጠው እንግዳ እዚያው ይገጥማል፤ ፋለንቲን የተዘጋጀ ንግግር ይዞ ይወጣል። «የቢራ ቤት ተዋናይ» ብትዪው ከሁለቱም ይሻላል። የካባሬት መድረኮች የጋበዙት ኋላ ነው፤ በርሊን «ካባሬት ዴር ኮሚከር» ላይም ተጫውቷል። ጸሐፌ ተውኔቱ በርቶልት ብሬኽት አድናቂው ነበር፤ በ1923 አንድ ድምፅ አልባ ፊልም ላይ አብረው ሠርተዋል።

ነጠላ ሰረዝ፦
እጅግ አመሰግናለሁ፤ «ግራ አጋቢ»ን ወስጃለሁ። ሌላ ጨመረብኝ፦ «ዘመልንክኖደልን» የሚለው ክርክሩ። የምግብ ስም እንደሆነ ገብቶኛል፤ የሚያስቀው ምኑ ነው?

ብራና፦
እዚህ ላይ ጊዜ እንውሰድ፤ ለቋንቋ ሰው ከዚህ የጣመ ነገር የለውም።

ምግቡ «ዘመልክኖደል» ነው። «ዘመል» ባቫሪያ ውስጥ ትንሿ ክብ ዳቦ ናት፤ «ክኖደል» የተድቦለቦለ ሊጥ። ከስድስት እስከ ስምንት የሚሆኑ የደረቁ ዳቦዎች በስሱ ይቆረጣሉ፤ ሩብ ሊትር ያህል ለብ ያለ ወተት ይፈስባቸዋል፤ እስኪጠጡት ይጠበቃል፤ ሁለት ሦስት እንቁላል፣ የተጠበሰ ሽንኩርት፣ የተከተፈ ፐርስሊና ጨው ይገባል፤ በእርጥብ እጅ ይድቦለቦልና ጨው ባለው ውኃ ሃያ ደቂቃ ያህል ይበስላል። ውኃው መንተክተክ የለበትም፤ ከተንተከተከ ድቡልቡሉ ይፈርሳል። ዳቦው ትኩስ ከሆነም ወተቱን ሳይጠጣ ይላቁጣል።

አሁን ሰዋስው። በጀርመንኛ የ«ዘመል» ብዙ ቁጥር «ዘመልን» ነው፤ «ክኖደል» ግን ለአንድም ለብዙም ያው ነው። ፋለንቲን እንዲህ ይከራከራል፦ አንዱ ድቡልቡል የሚሠራው ከብዙ ዳቦ ነው፤ እንግዲያው «ዘመልን» መባል አለበት። ድቡልቡሎቹም ብዙ ናቸው፤ እንግዲያው እሱም መጨረሻው ላይ «ን» ይጨመርለት። ሁለቱን ሲያጣብቅ «ዘመልንክኖደልን» ይወጣል። ሊዝል ካርልሽታት የሰዉን አነጋገር ይዛ ትሟገተዋለች፤ እሱ ሎጂኩን ይዞ አይበገርም።

ስትጽፊው ተጠንቀቂ፤ በፊደላችን መጨረሻ ላይ ያለው «ን» የእኛን ተሳቢ ይመስላል። «ዘመልን በላ» ካልሽ አንባቢው ብዙ ቁጥሩን አያየውም። ስለዚህ ቃሉን ብቻውን በትእምርተ ጥቅስ አስቀምጪው፤ ግሱን አርቂው።

ሆሄ፦
ጋሼ፣ የእኛን አቻ ልጨምር። «ዳቦ ቤት» በቀን ሺህ ዳቦ ይጋግራል፤ ስሙ ግን አንድ ዳቦ ነው። «ቤተ መጻሕፍት» ደግሞ ብዙ ቁጥር ይዟል። ፋለንቲን አማርኛ ቢያውቅ «ዳቦዎች ቤት» ካልተባለ አልገባም ይል ነበር። ጀርመንኛም ራሱ ወጥ አይደለም፤ መጽሐፍ መሸጫው «ቡኽሃንድሉንግ» በነጠላ፣ የመጽሐፍ መደርደሪያው «ቢውሸርሬጋል» በብዙ። ሁለተኛውን «ን» ለማሳየት ደግሞ የእኛ «መጻሕፍቶች» እና «ሕፃናቶች» አሉ። «መጻሕፍት» በግዕዙ ብዙ ሆኖ ሳለ «ኦች» ሲደረብበት፣ ተናጋሪው ብዙነቱ ስላልታየው እንደገና ያበዛዋል። ፋለንቲን ግን እያወቀ ነው የሚያበዛው፤ ልዩነቱን በግርጌ ማስታወሻ ሳይሆን እዚያው ንግግሩ ውስጥ ማሳየት ይቻላል፤ «ብዙ ዳቦ ገብቶበት እንዴት በነጠላ ይጠራል?» የምትል አንዲት ዐረፍተ ነገር ትበቃለች።

አራት ነጥብ፦
መስተዋድድ የሚገድለው ሌላ ቦታ አለ። ታዋቂ ባደረገው የዓሣ ገንዳ ንግግሩ ላይ ዘንድሊንገር መንገድ እኖር ነበር ይልና ወዲያው ራሱን ያርማል፦ መንገዱ ውስጥ ማለቴ አይደለም፣ ትራም ስለሚያልፍበት አይኖርበትም፤ ቤቶቹ ውስጥ ነው። ሁሉም ቤት ውስጥ ሳይሆን ከቤቶቹ ባንዱ። እንዲህ እያለ ይቀጥላል። ጀርመንኛው «ውስጥ» የሚል መስተዋድድ ነው ያለው። እሱን ወስዶ «መንገድ ውስጥ እኖር ነበር» ያለ ተርጓሚ ቀልዱን ያበላሻል፤ በአማርኛ መጀመሪያውኑ እንዲያ የሚል ሰው ስለሌለ ስሕተቱ ሆን ተብሎ የተፈበረከ ይመስላል። የእኛ ሰው «ቸርችል ጎዳና ላይ ነው የምኖረው» ይላል። «ላይ»ን ያዙት፤ አስፋልቱ ላይ ተኝቶ ትራሙ ሲመጣበት ይታያል፤ ቀልዱ ያኔ ሳይነካ ያልፋል።

ነጠላ ሰረዝ፦
«እንደ መጽሐፍ ጠራዡ ቫኒንገር ሆንኩ» የሚለውስ? «ደጅ ጠናሁ» ብዬዋለሁ።

ብራና፦
አይሆንም እህቴ። «ደጅ መጥናት» ሹመት ወይም ፍርድ ፈልጎ ከአንድ ጌታ በር መዋል ነው። የፋለንቲን ገጸ ባሕርይ የሆነው ቫኒንገር የሚለምነው ነገር የለም። የታዘዘውን መጽሐፍ ጠርዞ ጨርሷል፤ ወደ ግንባታው ድርጅት ደውሎ የሚጠይቀው «መጽሐፎቹን ልላክ ወይ? ደረሰኙንስ አብሬ ልላክ?» ብሎ ብቻ ነው። ከበር ጠባቂው ወደ ጸሐፊዋ፣ ከጸሐፊዋ ወደ አስተዳደሩ፣ ከዚያ ወደ መሐንዲሱ፣ ወደ ሂሳብ ክፍሉ ያስተላልፉታል፤ በእያንዳንዱ ክፍል ያንኑ ዐረፍተ ነገር ከሥሩ ይጀምራል፤ ዐረፍተ ነገሩም በእያንዳንዱ ዙር እየተወላገደ ይሄዳል። መጨረሻ ላይ የሥራ ሰዓት አልቋል፣ ነገ ይደውሉ ይሉታል። በ1940 በሸክላ ተቀርጾ ስሙ የተለመደ መጠሪያ ሆኖ ቀረ። «ከቢሮ ቢሮ አንከራተቱኝ» ወይም «ዛሬ ሂድ ነገ ና አሉኝ» ይቀርበዋል። ስትተረጉሚ ዐረፍተ ነገሩን እንዳታስተካክዪለት፤ በየዙሩ አንድ ቃል ቦታውን ይልቀቅ።

ሆሄ፦
ስለ ሙዚየሙ ሌሎች መግለጫዎችም ላስታውስ። በሙኒክ ኢዛርቶር ግንብ ውስጥ በ1959 ሐነስ ክዮኒሽ የከፈተው ነው፤ ስሙ ሆን ተብሎ በተሳሳተ ሆሄ «ሙዜኡም» ሳይሆን «ሙዜዑም» ዓይነት ሆኖ ተጽፏል። መግቢያው ለብዙ ዓመታት 299 ሳንቲም ነበር። ከዕቃዎቹ አንዱ ጠጉር የለበሰ ስቴኪኒ ነው፤ ጀርመንኛው «የቪንተር ስቴኪኒ» ይላል። «የክረምት ስቴኪኒ» ብላችሁ አትተርጉሙ፤ የእኛ ክረምት ዝናብና ጭቃ ነው፣ ጠጉሩ ደግሞ ለብርድ የተደረገ ነው። «የብርድ ጊዜ ስቴኪኒ» ይበቃል።

አራት ነጥብ፦
አንድ ከባድ ቃል ቀርቷል። በ1936 «ውርስ» የተባለ አጭር ፊልሙን ናዚዎች «ኤለንትስቴንደንትሰን» አለበት ብለው አገዱት። ድህነትን ማሳየቱ ነው ወንጀሉ። «ኤለንድ» ዛሬ ችጋር፣ መከራ ማለት ነው፤ በጥንቱ ጀርመንኛ ግን ባዕድ አገር፣ ስደት ማለት ነበር። «ችጋርን የማጉላት ዝንባሌ» ብዬ እተረጉመዋለሁ። ከዚህ ጋር የሚሄድ የታወቀ ንግግር አለው፦ ባዕድ ባዕድ የሚሆነው ባዕድ አገር ሲገኝ ብቻ ነው። «እንግዳ» ካላችሁ የሚስተናገድ ሰው ይሆናል፣ «መጤ» ካላችሁ ስድብ ይገባበታል። «ባዕድ» ሦስቱንም ቦታ ይሞላል፤ ጀርመንኛውም አንዱን ሥር ነው ሦስት ጊዜ የሚጠቀመው።

ነጠላ ሰረዝ፦
የመጨረሻዬ፦ የሞተው «ሮዘንሞንታግ» ዕለት ነው ይላል። «የጽጌረዳ ሰኞ»?

ብራና፦
የካቲት 9 ቀን 1948፣ በእኛ የካቲት 1 ቀን 1940 ዓ.ም. ነው፤ ፕላኔክ ውስጥ፣ ከጦርነቱ በኋላ በነበረው ረሃብ ሰውነቱ ተጎድቶ፣ በሳንባ ምች። ጽጌረዳውን ተዪው፤ ለእኛ አንባቢ ምንም አይነግረውም። ዕለቱ የካቶሊኮች ዐቢይ ጾም ከመግባቱ በፊት ያለው ሰኞ ነው፤ ጎዳናው በጭምብልና በጭፈራ የሚሞላበት። «የቅበላ ሰኞ» በዪው። እነሱ ጾሙን የሚጀምሩት ረቡዕ ስለሆነ ሰኞም ገና ቅበላ ነው። የተቀበረው በአመድ ረቡዕ፣ ጾሙ በገባበት ቀን ነው።