የሠራተኞችን ማንነት ሳያጋልጡ ዶክመንተሪ መቅረጽ

ጥያቄ፦ የልብስ ፋብሪካ ሠራተኞች ስለማይከፈላቸው የትርፍ ሰዓት ዶክመንተሪ እየሠራን ነው። ተናጋሪዎቹ ታውቀው እንዳይባረሩ ፊት ማደብዘዝ ይበቃል?

መልስ 1፦ በፍጹም። የባጅ ገመድ፣ የደንብ ልብስ ቀለም፣ የእጅ ጠባሳ ሁሉ ያሳብቃል። ደግሞም በኋላ ብታደበዝዙት ዋናው ፋይል ፊቱን እንደያዘ ይቀራል፤ የካሜራው ሚሞሪ ካርድ ከተወሰደ አለቀ። ከመነሻው ፊት አትቅረጹ። ተናጋሪው መስኮቱን ጀርባው ላይ አድርጎ ይቀመጥ፣ የክፍሉ መብራት ይጥፋ፣ ካሜራው የሚያስገባው ብርሃን በመስኮቱ ድምቀት ልክ ይስተካከል፤ የሚታየው ጥቁር ቅርጽ ብቻ ይሆናል።

መልስ 2፦ ድምፅስ? በኤዲቲንግ የቀጠነ ወይም የወፈረ ድምፅ ወደ ነበረበት ሊመለስ ይችላል። ቃሉን ሌላ ሰው ያንብበው፣ ይህም በስክሪን ጽሑፍ ይገለጽ። የደመወዝ ወረቀት ላይ ስምና መለያ ቁጥር ከቀረጻ በፊት ይሸፈን፤ የሰዓቱና የክፍያው መስመር ግን ቁልጭ ብሎ ይነበብ።

መልስ 3፦ ፋብሪካው የሚሰፋውን ልብስ መለያ ጨርቅ በቅርበት ቅረጹ። እ.ኤ.አ. በ2013 ባንግላዴሽ ውስጥ የልብስ ፋብሪካዎች የነበሩበት ራና ፕላዛ የተባለ ሕንፃ ሲደረመስ፣ ከፍርስራሹ የተገኙ መለያዎች ገዢ ኩባንያዎችን ለመለየት ረድተዋል። ተናጋሪዎቹንም ሁለት ጊዜ ፈቃድ ጠይቁ፦ ከቀረጻ በፊትና ኤዲት የተደረገውን ራሳቸው ካዩ በኋላ። ሁለተኛው እንዳይዘለል አደራ!