በ3ኛው ክሮሞዞም ላይ ስላለው የኮቪድ-19 ተጋላጭነት ማብራሪያ እሻለሁ

የተከበራችሁ የዘረመል ባለሙያዎች፣

በአንድ ዓይነት ቫይረስ ከተያዙ ሰዎች አንዱን እንደ ጉንፋን ሲያልፈው ሌላው ለምን በጽኑ እንደሚታመም የሚያስረዳ የሴሚናር ጽሑፍ እያዘጋጀሁ ሳለ አንድ ቦታ ላይ ቆሜያለሁ። የዘረመል ተመራማሪዎቹ ሁጎ ዜበርግና ስቫንቴ ፓቦ በ2020 እንዳሳዩት፣ ለጽኑ ኮቪድ-19 የሚያጋልጠውና 50 ሺህ ያህል የዲኤንኤ ፊደላት ርዝመት ያለው የ3ኛው ክሮሞዞም ክፍል ከኒያንደርታሎች (ከጠፉት የጥንት የሰው ዘመዶች) የተወረሰ ነው፤ በደቡብ እስያ ከሕዝቡ ግማሽ ያህሉ ሲሸከመው፣ በአፍሪካ ግን የለም ማለት ይቻላል። እስከዚህ ድረስ ግልጽ ነው።

የከበደኝ፣ በዚህ ክፍል ያሉት ልዩነቶች ሁሉ ተያይዘው ስለሚወረሱ፣ ጉዳቱን የሚያመጣው የትኛው ጂን እንደሆነ የሚለይበት መንገድ ነው። አንዳንድ ጥናቶች በሳንባ ሕዋሳት ውስጥ ወደሚሠራው ኤልዜድቲኤፍኤል1 ሲያመለክቱ፣ ሌሎች የነጭ የደም ሕዋሳትን ጉዞ የሚመሩትን ሲሲአር9ንና ሲኤክስሲአር6ን ይጠቅሳሉ። ይኸው ክፍል በኤችአይቪ የመያዝን ዕድል እንደሚቀንስ መታየቱስ (እኔን ከሁሉ ይበልጥ ያስደነቀኝ ይህ ነው) በአቅራቢያው ካለውና ኤችአይቪ ወደ ሕዋስ ለመግባት የሚጠቀምበትን ተቀባይ ከሚያሠራው ከሲሲአር5 ጂን ጋር ይያያዛል? ከስታቲስቲክስ ዝምድና አልፎ ምክንያቱን በቤተ ሙከራ ለመለየት የትኛው ዘዴ ይበልጥ እንደሚታመን፣ የምታውቁ ብታብራሩልኝ ከልብ አመሰግናለሁ።