ጥቆማ፦ ቨርጂኒያ ውስጥ ያገለገለ ጀልባ ለማስመዝገብ ራስ መሮጥ ይሻላል ወይስ ሰው መቅጠር?

ጀማሪው፦ ሰላም ለዚህ ቤት። አሌክሳንድሪያ ነው የምኖረው። 17 ጫማ ያገለገለች የሞተር ጀልባ አግኝቻለሁ። ጀልባዋ 6,000፣ ተሳቢዋ 800 ዶላር ብለን ተስማምተናል። ሻጩም ቨርጂኒያ ነው። በበጋ ልጆቹን ይዤ ፖቶማክ ወንዝ ላይ ልወጣባት ነው ሐሳቤ። ለማስመዝገብ ጠቅላላ ስንት ይፈጃል? አንድ ሰው ‹‹250 ዶላር ስጠኝና ወረቀቱን ጨርሼ ላስረክብህ›› ብሎኛል። ራሳችሁ የጨረሳችሁ ወይም የምታምኑት ሰው ያላችሁ ጠቁሙኝ።

የሌሊት ሹፌር፦ ዲኤምቪ ነዋ፣ የመኪና ምዝገባ ቢሮው። በጠዋት ሂድ፣ ገና ሳይሞላ። የመታወቂያ ፎቶ ለመታደስ ከደረሰ በዚያው ጨርስ።

ባለ መረቡ፦ ወንድም ሹፌር፣ ዲኤምቪ ተሳቢውን እንጂ ጀልባውን አይመዘግብም። ጀልባ የሚመዘግበው የዱር እንስሳት ሀብት መሥሪያ ቤቱ ነው፣ ዲደብሊውአር የሚባለው። ዋናው ቢሮ ሪችመንድ አጠገብ ሄንራይኮ ነው፤ በፖስታ መላክ ይቻላል፣ መሄድ የለብህም። ሂሳቡ እንዲህ ነው። ሊብሬው 10 ዶላር። ምዝገባው ለሦስት ዓመት ሲሆን በርዝመት ይለያያል፤ ከ16 እስከ 20 ጫማ ለማይሞላ 36 ዶላር ነው። የጀልባ ታክሱ ከገዛህበት ዋጋ 2 በመቶ፣ ላንተ 120 ዶላር። በድምሩ 166። ሰውዬው ከዚህ ሁሉ በላይ 250 ሊወስድ ነው ማለት ነው? ለምን ሲባል?

ጀማሪው፦ እግዜር ይስጥልኝ። እኔ 250ው ታክሱንም የሚጨምር መስሎኝ ነበር። እጠይቀዋለሁ።

ዳር ዳሩን፦ ሰው ከመቅጠርህ በፊት ጀልባው ራሱ ወረቀት እንዳለው እይ። እኔ የገዛሁት ‹‹ሊብሬው እናቴ ቤት ነው፣ ሰኞ በፖስታ እልክልሃለሁ›› ከሚል ሰው ነው። ሰኞ አልፎ ሌላ ሰኞ መጣ። በመጨረሻ ሊብሬው ሲገኝ ስሙ የሻጩ አይደለም፤ የሞቱ አጎቱ ነው። ቢሮው ደግሞ ‹‹የሞተ ሰው አይፈርምም፣ የወራሽነት ወረቀት አምጣ›› አለኝ። ወራሹ ማነው? ሦስት የአክስት ልጆች፣ አንዷ ቴክሳስ፣ እርስ በርስ የማይነጋገሩ። ጀልባው ክረምቱን ሙሉ ግቢዬ ውስጥ ሸራ ለብሶ ከረመ። የቤት አከራዬም ኪራይ ጨመረብኝ።

የሌሊት ሹፌር፦ ኧረ በስመአብ። ለፖሊስ አላመለከትክም?

ዳር ዳሩን፦ ምን ብዬ? ብሩን በፈቃዴ ሰጥቼ።

ሙሉእመቤት ከስፕሪንግፊልድ፦ ቴክሳስ ያለችዋ ፈረመች?

ዳር ዳሩን፦ መጀመሪያ ድርሻዬን ስጡኝ አለች።

ሙሉእመቤት ከስፕሪንግፊልድ፦ እሷ እውነቷን ነው እኮ። አጎቷ ናቸው።

ዳር ዳሩን፦ ታዲያ ከሻጩ ትውሰዳ! እኔ ከፍያለሁ!

ካፒቴን ያለ ጀልባ፦ ስለዚህ ጥቆማው ‹‹ጀልባ ከመግዛትህ በፊት እርቅ የሚያወርዱ ሽማግሌዎች ያዝ›› ነው። ተመዝግቧል። የሽማግሌዎቹ አበል ለሦስት ዓመት ነው ወይስ በጫማ?

ጋሼ ዓሣው፦ እኔ የምመክርህ ማናሳስ መንገድ ላይ ያለውን ሱቅ ነው። ሰዎቹ ወርቅ ናቸው። ስንት ዓመት ሌላ ቦታ ሄጄ አላውቅም።

ጀማሪው፦ ጋሼ፣ ለምዝገባ ስንት ያስከፍላሉ?

ጋሼ ዓሣው፦ ምዝገባ እንኳ አይሠሩም። ሞተር ነው የሚሠሩት። ግን ሂድና አናግራቸው፣ ቡና ሳይጋብዙ አይለቁህም።

ባለ መረቡ፦ ጋሼ፣ ያንን ሱቅ ባለፈው ለመኪና ጎማም ጠቁመዋል።

ጋሼ ዓሣው፦ ታማኝ ሰው ለሁሉም ይሆናል።

ሲልቨር ስፕሪንግ ነኝ፦ ለምን ሜሪላንድ አታስመዘግባትም? እኔ እዚሁ ነው ያደረግኩት፣ አልተቸገርኩም።

ባለ መረቡ፦ አትስማው። የሜሪላንድ የጀልባ ታክስ 5 በመቶ ነው። በ6,000 ላይ 300 ዶላር መሆኑ ነው። ደግሞ እንደ ልብህ አትመርጥም፤ ጀልባው የሚመዘገበው በአብዛኛው በምትነዳበት ስቴት ነው። አሌክሳንድሪያ አስቀምጠህ፣ ከቨርጂኒያ ዳር እያወረድክ፣ ሜሪላንድ ነኝ ማለት አያስኬድም። አንድ ነገር ግን እወቅ፤ ከዲሲ በታች ወንዙ እስከ ቨርጂኒያ ዳር ድረስ የሜሪላንድ ነው። የቨርጂኒያ ታርጋህ ችግር የለውም፣ ነገር ግን ውሃው ላይ የሚያስቆምህ የሜሪላንድ ፖሊስ ሊሆን ይችላል። ከ21 ጫማ በታች በሆነ ጀልባ ላይ ከ13 ዓመት በታች ያሉ ልጆች ላይፍ ጃኬት መልበስ አለባቸው። ወንበር ሥር ማስቀመጥ አይበቃም።

የባሕር ዳር ልጅ፦ እናንተ ግን ለምን ራሳችሁን ታስጨንቃላችሁ? ጣና ላይ አባቶቻችን ደንገል አስረው ታንኳ ሠርተው ስንቱን ማገዶ አሻግረዋል። ታክስ የለ፣ ታርጋ የለ።

ሙሉእመቤት ከስፕሪንግፊልድ፦ እውነት እዚህም ሞተር የሌለው ታንኳ ይመዘገባል?

ባለ መረቡ፦ በመቅዘፊያ ብቻ ከሆነ አያስፈልግም። ሞተር ከተገጠመበት ግን፣ ያችው በባትሪ የምትሠራዋ ትንሿም ብትሆን፣ ይመዘገባል። በርክ ሌክ የሚባለው ሐይቅ የሚፈቅደው የኤሌክትሪክ ሞተር ብቻ ስለሆነ ብዙ ሰው ‹‹ይቺማ ሞተር አትባልም›› ብሎ ይዘናጋል።

የሌሊት ሹፌር፦ በርክ ሌክ ዓሣ አለ? ለጾም ነበር።

የባሕር ዳር ልጅ፦ በጾም ዓሣ ማን ፈቀደልህ?

የሌሊት ሹፌር፦ እንዳትጀምረኝ።

ካፒቴን ያለ ጀልባ፦ አሁን ገና ቤቱ ሞቀ።

ሙሉእመቤት ከስፕሪንግፊልድ፦ ወንድሜ ጀማሪው፣ ባለቤቴ ያደረገውን ልንገርህ። ሻጩ ሊብሬውን ፊት ለፊት ሲፈርም መታወቂያውን አየ፣ ስሙን አመሳከረ። ከጀልባው ኋላ በቀኝ በኩል 12 ፊደልና ቁጥር ተቀርጾ ታገኛለህ፤ እሱን በስልክ ብርሃን አንድ በአንድ ከሊብሬው ጋር አስተያየ። አንድ እንኳ ቢለይ ብሩን ይዘህ ተመለስ። የሽያጭ ውሉ ላይ የጀልባውንና የተሳቢውን ዋጋ ለየብቻ ጻፉ፣ ቢሯቸው ስለሚለያይ። የምዝገባ ወረቀቱ ሲመጣ ቁጥሩን በጀልባው ፊት ግራና ቀኝ አንተው ትለጥፋለህ። ቁመቱ ከ3 ኢንች አይነስ፣ ከጀልባው ቀለም ጎልቶ ይታይ። እኛ ከዕቃ መደብር ርካሹን ተለጣፊ ገዝተን በዓመቱ ተላጠ። ማስታወቂያ የሚሠራ ቤት ያሠራነው ግን እስካሁን አለ።

ባለ መረቡ፦ እህቴ ጥሩ ብላለች። የምጨምረው የመንጃ ትምህርቱን ነው። ቨርጂኒያ ውስጥ 10 የፈረስ ጉልበትና ከዚያ በላይ ለሚነዳ የጀልባ ደህንነት ኮርስ ግዴታ ነው። ቦትዩኤስ ፋውንዴሽን የሚባለው ድርጅት በነጻ በኢንተርኔት ይሰጣል። ገንዘብ የሚያስከፍሉ ድረ ገጾች ሞልተዋል፣ አትሸወድ። ሻጩ እሳት ማጥፊያም ጨምሬልሃለሁ ካለህ ሥሩን ገልብጠህ ዓመቱን እይ፤ የሚጣለው ዓይነት ከተሠራ 12 ዓመት ካለፈው አይቆጠርልህም። እና ካውንቲዎች ልክ እንደ መኪናው በየዓመቱ የንብረት ታክስ ይጠይቃሉ፣ መጠኑ ከቦታ ቦታ በጣም ይለያያል። ጀልባው የሚያድርበትን ቦታ ከመወሰንህ በፊት ደውልና ጠይቅ።

ጋሼ ዓሣው፦ ይኼን ሁሉ የማናሳሶቹ በአንድ ቡና ይነግሩህ ነበር።

ዳር ዳሩን፦ ውሃ ላይ ስትቆም ጎትቶ የሚያወጣህ ድርጅት አባል መሆን ግን እንዳትረሳ። የኔዋ በመጨረሻ ወረቀቷ አልቆ ውሃ ከገባች በኋላ መሀል ወንዝ ላይ ሞተሯ ጠፋ። ቀይ ጀልባ ያላቸው የመጎተቻ ድርጅት ሰዎች መጥተው ጎተቱኝ።

ሲልቨር ስፕሪንግ ነኝ፦ ባለ ቢጫ ጀልባዎቹ የመጎተቻ ሰዎች ይሻላሉ።

ዳር ዳሩን፦ ቢጫዎቹ ጎትተውህ ያውቃሉ?

ሲልቨር ስፕሪንግ ነኝ፦ የለም፣ የኔ ቆማ አታውቅም። ግን ይሻላሉ።

የሌሊት ሹፌር፦ ቴክሳስ ያለችው ግን በመጨረሻ ስንት ወሰደች?

ዳር ዳሩን፦ 400።

ካፒቴን ያለ ጀልባ፦ ከጉዳይ አስፈጻሚው 150 በልጣለች።

ጀማሪው፦ ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። ብዙ ነገር አየሁበት። ሻጩን ቅዳሜ አገኘዋለሁ፣ ከዚያ እወስናለሁ።

ሙሉእመቤት ከስፕሪንግፊልድ፦ ቅዳሜ አለፈ እኮ። ምን ሆንክ? ራስህ ላክኸው ወይስ ለሰውዬው ሰጠኸው?

የባሕር ዳር ልጅ፦ ካልወሰድካት የሻጩን ስልክ በውስጥ መስመር ላክልኝ።