አባቴ በሠራበት መሥሪያ ቤት መቀጠር እችላለሁ?
ሰላም ለሁላችሁ። አባታችን በወረዳ ጽሕፈት ቤት 19 ዓመት በሾፌርነት ሠርቶ ባለፈው ጥር አረፈ። የሦስት ወር ደመወዙን ተቀብለናል። ጡረታውም ለእናቴ 50፣ ለታናሽ ወንድሜ 20 በመቶ ተወስኗል፤ ግን የሾፌር ደመወዝ ራሱ ምን ነበርና!

እኔ በአካውንቲንግ ተመርቄ ቤት ቁጭ ብያለሁ። ለቅሶ ላይ ባልደረቦቹ «አይዞህ፣ በአባትህ ቦታ ያስገቡሃል» ብለውኝ ነበር። የሰው ሀብት ክፍሉ ግን ቅጥር በማስታወቂያና በውድድር ብቻ ነው፣ ለሟች ልጅ ተብሎ የሚያዝ መደብ የለም አለኝ። እናቴ አላመነችም፤ በየሳምንቱ «ሂድና ጠይቅ» ትለኛለች፣ ዘበኛው ሳይቀር በእኔ መመላለስ ተሰላችቷል።

ለቢሮ ኃላፊው ማመልከቻ ባስገባ ዋጋ አለው? በኮንትራት እንኳ የሚፈቅድ መመሪያ የምታውቁ እባካችሁ አንቀጹን ጠቁሙኝ።