ማድረቂያዬ ተበላሽቷል፤ የእንጉዳይ ናሙናዎቼን ዛሬ ማታ እንዴት ላድናቸው?

ጠያቂ፦
ማድረቂያ መሣሪያዬ ከአንድ ሰዓት በፊት መሞቁን አቁሟል። ለመድኃኒትነት ይጠቅማሉ የሚባሉ ፈንገሶችን ለማጥናት ዛሬ ከጫካ የሰበሰብኋቸው ናሙናዎች እንደ ታሸጉ ናቸው፤ አንዳንዶቹ ከአሁኑ ውሃ ማውጣትና መጥቆር ጀምረዋል፣ በአንዱ ውስጥም ትል አይቻለሁ። በኦቨን ከፍ ባለ ሙቀት ቶሎ ባደርቃቸው ይበላሻሉ? ወይስ በረዶ ቤት አስገብቻቸው መሣሪያው እስኪጠገን ልጠብቅ? እባካችሁ ዛሬ ማታ ላደርገው የምችለውን ንገሩኝ።

ዝናብ ጠባቂ፦
መልስ ከመስጠታችን በፊት ጥቂት ነገር ይግለጹልን። ናሙናዎቹ ስንት ናቸው? ከእንጨት ላይ የሚበቅሉት ጠንካሮቹ ናቸው ወይስ ባለ ቆብ ለስላሳዎቹ? የታሸጉትስ በምንድን ነው?

ጠያቂ፦
ይቅርታ፣ በጥድፊያ ዘልዬዋለሁ። በጠቅላላው 34 ናቸው፤ 23ቱ ከግንድ ላይ የተነቀሉ ጠንካሮች፣ 11ዱ ደግሞ ለስላሳ ባለ ቆብ ናቸው። ያሉት በፕላስቲክ ከረጢት ውስጥ ነው።

የማኅደር ሠራተኛ፦
እንግዲያው ሁሉንም አሁኑኑ ከፕላስቲኩ ያውጧቸው። እንጉዳይ ከተነቀለ በኋላም ይተነፍሳል፣ እርጥበትም ያወጣል፤ እርጥበቱ መውጫ ሲያጣ ናሙናው በራሱ ውሃ ውስጥ ይበሰብሳል። እያንዳንዱን ከነቁጥሩ በወረቀት ላይ ለየብቻ ያስቀምጡ። 23ቱ ጠንካሮች አየር በሚያገኙበት ቦታ ቢዘረጉ ለጥቂት ቀናት ስለሚቆዩ ለዛሬ አያሳስቡዎት። የዛሬ ማታ ሥራዎ 11ዱ ናቸው፤ ከእነርሱም ውስጥ ሲያረጁ ራሳቸውን ወደ ጥቁር ፈሳሽ የሚያቀልጡት የኮፕሪነስ ወገኖች ካሉ በሰዓታት ውስጥ ስለሚጠፉ ከእነርሱ ይጀምሩ።

ኦቨኑን ይተዉት። የሚፈለገው ከ40 እስከ 45 ዲግሪ ሴንቲግሬድ የሚደርስ ሙቀት ነው፤ የብዙ ኦቨኖች ዝቅተኛ ሙቀት ደግሞ ከዚህ ይበልጣል። በከፍተኛ ሙቀት ውስጥ እርጥብ እንጉዳይ ይበስላል እንጂ አይደርቅም፤ በማይክሮስኮፕ የሚታዩት ክፍሎቹ ይፈራርሳሉ፣ ዲኤንኤውም ይጎዳል። ማራገቢያ ካለዎት ናሙናዎቹን በወንፊት ሽቦ ላይ ደርድረው ሌሊቱን ሙሉ ነፋስ ያሳልፉባቸው፤ ትላልቆቹን ከቆብ እስከ እግር ለሁለት ይሰንጥቋቸው። ሲሰበሩ እንደ ደረቅ ብስኩት ቀጭ ካላሉ ገና አልደረቁም።

መምህሩ፦
ከማድረቅ በፊት መመዝገብ ይቀድማል፤ ይህንን ደጋግሜ የምናገረው የደረቀ እንጉዳይ ቀለሙን፣ ሽታውንና ቅርጹን ስለሚያጣ ነው። ሲቆረጥ ወደ ምን ቀለም እንደተለወጠ፣ ከየትኛው ዛፍ ላይ ወይም ሥር እንደተገኘ፣ ከእግሩ ግርጌ ከረጢት መሰል ሽፋን እንዳለው ዛሬ ካልተጻፈ ነገ ከናሙናው ላይ አይነበብም።

ለመድኃኒት ጥናት ይህ ምን ያህል እንደሚከብድ አንድ ምሳሌ ልጥቀስ። ጋኖደርማ ሉሲደም የሚባለው ዝርያ መጀመሪያ የተገለጸው በ1781 ከእንግሊዝ በተገኘ ፈንገስ ሲሆን፣ በቻይና ሊንግዢ ተብሎ በስፋት የሚለማው መድኃኒታዊ ፈንገስም ለረጅም ዘመን በዚሁ ስም ሲጠራ ቆይቶ፣ በ2012 ግን የተለየ ዝርያ መሆኑ ታውቆ ጋኖደርማ ሊንግዢ ተባለ። ስለዚህ በአሮጌው ስም የታተመ ጥናት ሁሉ የትኛውን ፈንገስ እንደመረመረ ማረጋገጥ የሚቻለው አጥኚው ናሙናውን አድርቆ፣ ቁጥር ሰጥቶ በናሙና ማኅደር ካስቀመጠ ብቻ ነው። ሰውነት የተተከለለትን አካል እንዳይገፋ የሚረዳው መድኃኒት፣ ሳይክሎስፖሪን፣ የተገኘበት ፈንገስም እንዲሁ መጀመሪያ ትሪኮደርማ ተብሎ ነበር፤ ዛሬ ቶሊፖክላዲየም ኢንፍላተም ይባላል። እዚያ ስሙን ለማረም ያስቻለው ፈንገሱ በሕይወት ተጠብቆ መቆየቱ ነው።

ደን ወዳጅ፦
በወረቀት ጠቅልለው በማቀዝቀዣ ያስቀምጧቸው፤ ይቆያሉ።

ፈንገስ አልሚ፦
እኔ በጥያቄው መነሻ አልስማማም። መምህሩ በመጨረሻ የጠቀሱትን ልብ ይበሉ። ለመድኃኒትነት የሚያጠኑ ከሆነ ደረቅ ናሙና ማንነቱን ያረጋግጥልዎታል እንጂ ነገ ደግመው የሚያበቅሉትና ንጥረ ነገሩን የሚያወጡበት ሕያው ፈንገስ አይሰጥዎትም። ማድረቂያው ቢሠራም ባይሠራም ዛሬ መደረግ የነበረበት፣ ትኩስ የሆኑትን ከፍቶ ከውስጠኛው ንጹሕ ሥጋ ትንሽ ቁራሽ በእሳት ነበልባል በጸዳ ምላጭ አንስቶ በብቅል አጋር፣ ማለትም ፈንገስ በሚበቅልበት ብቅል ያለበት የረጋ ምግብ ላይ፣ ማሳረፍ ነው። የተዘጋጀ አጋር ካለዎት በተለይ ከጠንካሮቹ ይጀምሩ፤ እነርሱ ገና ጤናማ ናቸው።

የማኅደር ሠራተኛ፦
ሐሳብዎ ትክክል ነው፤ ሆኖም ሁለቱ አንዱ ሌላውን አይተካም። አጋር ላይ የበቀለው የናሙናው ልጅ መሆኑ የሚታወቀው ሁለቱም አንድ ቁጥር ሲይዙ ነው።

ደን ወዳጅ፦
በረዶ ቤት ግን ትልን ስለሚገድል ጥሩ ነው ሲባል ሰምቻለሁ። ለምን አይሆንም?

የማኅደር ሠራተኛ፦
ጊዜው ስለሚለያይ ነው። ትኩሱ እንጉዳይ በረዶ ሆኖ ሲቀልጥ ሕዋሶቹ ስለሚፈነዱ ቅርጽ አልባ ጭቃ ይሆናል። ናሙናው ሙሉ በሙሉ ከደረቀ በኋላ ግን አየር በማያስገባ ከረጢት ታሽጎ ከዜሮ በታች በ20 ዲግሪ ለሁለት ሳምንት ቢቀመጥ ነፍሳቱንና እንቁላሎቻቸውን ይገድላል። እርስዎ ቀደም ብለው ያሉት ማቀዝቀዣ፣ ማለትም በ4 ዲግሪ አካባቢ የሚሠራው ክፍል፣ ማራገቢያ ያልደረሳቸውን ለአንድ ቀን ለማቆየት ይረዳል።

የቤት ሐኪም፦
ከጥናቱ የሚተርፈውን በትኖ ማድረቅና እንደ ሻይ አፍልቶ መጠጣት ይቻላል። ትል የበላው እንጉዳይ ሰውንም አይጎዳም።

ፋርማሲስቷ፦
ይህን ሳልመልስ ማለፍ አልችልም፤ ሰው የሚሞትበት ስሕተት ነው። ለነፍሳት የማይጎዳው ለሰው ጉበት መርዝ ሊሆን ይችላል። የሞት ቆብ የሚባለው አማኒታ ፋሎይድስ የያዘው አማቶክሲን መርዝ በመድረቅም በመፍላትም አይጠፋም። ሕመሙ የሚጀምረው ብዙውን ጊዜ ከ6 እስከ 24 ሰዓት ቆይቶ ነው፤ ከዚያ የተሻለው ይመስለውና ጉበቱ በዚያው መካከል ይወድማል። ስለዚህ ማንነቱ ካልተረጋገጠ ናሙና ለመጠጥ የሚሆን አንድም ቁራሽ አይተርፍም።

ፈንገስ መድኃኒት አይሆንም ማለቴ አይደለም። ፔኒሲሊንም ኮሌስትሮልን የሚቀንሰው ሎቫስታቲንም ከፈንገስ የመጡ ናቸው፤ ጃፓንም ትራሜተስ ቨርሲከለር ከተባለ ፈንገስ የሚወጣውን ፒኤስኬ የተባለ ንጥረ ነገር ከሌላ የካንሰር ሕክምና ጋር እንዲሰጥ በ1970ዎቹ ፈቅዳ ነበር። ነገር ግን እነዚህ ማንነቱ ከታወቀ ፈንገስ ተለይተው የወጡ፣ መጠናቸው የተለካ ዝግጅቶች ናቸው። ቻጋ የሚባለው የበርች ዛፍ ፈንገስ እንኳ ኦክሳሌት ስለሚበዛበት፣ አብዝተው ለረጅም ጊዜ በወሰዱ ሰዎች ላይ የኩላሊት ጉዳት አድርሷል።

ዘግይቼ ደረስኩ፦
ሁሉንም አነበብኩ፤ አንድ ነገር ቀርቷል። እርጥበት የሚመጠው ሲሊካ ጄል ካለዎት ከእያንዳንዱ ለስላሳ ናሙና፣ ከቆቡ ስር ካሉት ስንጥሮች፣ የሩዝ ፍሬ የሚያህል ንጹሕ ቁራሽ ቆርጠው፣ ከቁራሹ ክብደት ቢያንስ አሥር እጥፍ የሆነ ሲሊካ በያዘ ትንሽ ብልቃጥ ውስጥ ይክተቱ። የቀረው አካል ቢበሰብስ እንኳ ዲኤንኤው ይተርፋል፤ ለፈንገስ መለያ የሚያገለግለውን አይቲኤስ የተባለ ክፍል ከዚያ ማንበብ ይቻላል። ብልቃጡ ላይ የናሙናውን ቁጥር በእርሳስ ይጻፉ፤ ቀለም ይለቃል።

ሌላ አንድ ቆብ ከእግሩ ቆርጠው፣ ስንጥሮቹን ወደ ታች አድርገው ግማሹ ነጭ ግማሹ ጥቁር በሆነ ወረቀት ላይ ያስቀምጡና ብርጭቆ ይድፉበት። ሲነጋ የስፖሩን፣ ማለትም የእንጉዳዩን የመራቢያ ብናኝ፣ አሻራ ያገኛሉ፤ ነጭ ስፖር የሚታየው በጥቁሩ ላይ ነው።

ጠያቂ፦
ሁሉንም ከፕላስቲክ አውጥቻለሁ። ማራገቢያ አለኝ፣ ሲሊካም አለ፤ አጋር የለኝም። ከሚቀልጡት ሁለቱ ጋር እየተሽቀዳደምኩ ነው።

የማኅደር ሠራተኛ፦
በርቱ። ሁለቱን ፎቶ ሳያነሱ እንዳይቆርጧቸው።

የማኅደር ሠራተኛ፦
ሦስት ቀን ሆነ፤ ናሙናዎቹ እንዴት ሆኑ? ትል ያዩበት ናሙና የትኛው ቁጥር ነበር? እርሱ በደንብ ከደረቀና በረዶ ቤት ከገባ በኋላ ካልሆነ በቀር ከሌሎቹ ጋር በአንድ ሣጥን አያስቀምጡት።